በዳሉሻ ቀኑ አልመሸም

ይህን ታሪክ ለልጆቼ ስነግራቸው ይስቃሉ። ለባለቤቴ ስነግረው ደግሞ ዝም ብሎ ራሱን ይነቀንቃል። እናንተ የትኛውን እንደምታደርጉ አላውቅም፤ ብቻ እስከ መጨረሻው ታገሡኝ። ነገሩ ስለ አንድ የቀን መቁጠሪያ ነው፤ ግድግዳ ላይ የሚሰቀለው ዓይነት ግን አይደለም። በሌለ አገር የሚሠራ፣ ሁለት ሰው ብቻ የሚያውቀው የቀን መቁጠሪያ ነበር። ከሁለቱ አንዷ እኔ ነኝ።

ያደግሁት ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር ነው። ቤታችን የጴንጤ ቤት ነበር፤ አባቴ አናጢ፣ እናቴ የመዘምራን መሪ። የሰፈሩ ኦርቶዶክስ ሲጾም አንጾም፣ ሙስሊሙ ሲያፈጥር አናፈጥር። ዝክር የለ፣ ማኅበር የለ፣ መውሊድ የለ። እሑድ እንዘምራለን፣ ሰኞ ትምህርት ቤት እንሄዳለን፣ አበቃ። በልጅነቴ የምቀናው በልብስም በመጫወቻም አልነበረም፤ በሰው በዓል ነበር።

ከቆርቆሮ አጥራችን ወዲያ የነመዲና ቤት ነው። መዲና እኩያዬ ናት። አባቷ ገና ሕፃን ሳለች ስለሞቱ ያሳደጓት እናቷ እትዬ ዘምዘም ናቸው። መዲና በዓል ሞልቷታል፤ የእሷ ብሶት ሌላ ነው። ረመዳን በየዓመቱ ወደ ኋላ እየተንሸራተተ ከፈተና ጋር ይገጥምባታል። “ጾሙንስ እወደዋለሁ፣ ኸሒሳብ ጋር መሆኑ ነው እንጂ” ትል ነበር።

ሰባተኛ ክፍል ሳለን በአንድ የክረምት ቀን፣ ዝናቡ አላስወጣ ሲለን ቁጭ ብለን አገር ፈጠርን። ስሟን ዳሉሻ አልናት። ንጉሥ የላትም፤ ሦስት ወንዝ ግን አላት፣ አንደኛው ሽቅብ ይፈሳል። ወዲያው ቀን መቁጠሪያ አስፈለጋት። ዓመቱን ዘጠኝ ወር አደረግነው፣ ወሩን አርባ ቀን። ለወሮቹ በየጊዜው በምናየው ነገር ስም አወጣንላቸው፦ ብርድ፣ አቧራ፣ እሸት እያልን እስከ በለስ። በዓሎቹን ሁሉ ለሁላችንም አደረግናቸው። ከዓመቱ የሚተርፉትን አምስት ቀናት በዚያ ዓመት ታሞ ለተኛ ሰው ሰጠናቸው፣ ያመለጠውን እንዲኖርበት ብለን። ሰኞን በሁለት ድምፅ ከሳምንቱ ሰረዝናት፤ ተቃዋሚ አልነበረም።

ጠብ የተነሳው ቀኑ መቼ ይጀምር በሚለው ላይ ነው። እነመዲና ቤት ቀኑ የሚለወጠው ፀሐይ ስትጠልቅ ነው፤ እኛ ቤት ሲነጋ። ለሦስት ቀን ተኳርፈን ቆየንና በአራተኛው ቀን መዲና በአጥሩ ቀዳዳ ብጣሽ ወረቀት ላከችልኝ። በዳሉሻ ቀኑ የሚለወጠው ጭጋጉ ከጦሳ ተራራ ላይ ሲነሳ ይሁን ይላል። ደሴን የሚያውቅ ጭጋጓን ያውቃል፤ አንዳንድ ቀን ተነሳሁ ብሎ ተመልሶ ይተኛል። እኔ ክርክር ስለማልጠግብ አንድ አንቀጽ ጨመርኩበት፦ ጭጋጉ ተነሳ የሚባለው ሁለታችንም በዓይናችን ስናየው ነው። አንዷ ብቻ ካየች አይቆጠርም። ጭጋጉ ሦስት ቀን ከተኛ ቀኑም ሦስት ቀን ይረዝማል። በሒሳብ ደብተር እያንዳንዳችን መዝገብ ያዝን። የአጥሩ ቀዳዳም የዳሉሻ ፖስታ ቤት ሆነ።

ከዚያ ወዲህ ጠዋት ጠዋት መዲና በአጥሩ ሥር ቆማ “ሩት፣ ተነሳ?” ትለኛለች። እኔም ወጥቼ ተራራውን አይና “ተነሳ” ወይም “ገና ነው” እላታለሁ። ዓመት አለፈ፣ ሌላ ዓመት አለፈ፤ ሌላውን ጨዋታ ሁሉ ስንተው ይህን አልተውነውም።

የአስረኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ውጤት የመጣው በነሐሴ ነው። እኔ መሰናዶ ገባሁ። መዲና ለትንሽ ወደቀች። እዚህ ላይ የማፍርበትን ልናገር። ያን ሰሞን ራሴን ትልቅ ሰው አድርጌ ነበር። አዲስ ጓደኞች፣ አዲስ ቦርሳ፣ የመዘምራን ልምምድ። መዝገቤን ከአልጋው ሥር ወረወርኩት። መዲና ግን ጠዋት ጠዋት መጥራቷን አልተወችም። እኔ ከቤት ሳልወጣ በመስኮት አየት አድርጌ “ተነሳ” እላታለሁ፤ እሷም ትጽፋለች። ቅዳሜ ጭጋጉ አልተነሳም። እሑድም አልተነሳም። እሑድ ጠዋት ስትጣራ የቸርች ልብሴን እየተኮስኩ ነበር። “ኧረ አልተነሳም” አልኳት ከውስጥ ሆኜ። ወዲያው አልሄደችም። የጫማዋን ጫፍ በአጥሩ ሥር አየዋለሁ፤ ብዙ ቆማ ነው የሄደችው። ምን ሆንሽ ብዬ አልጠየቅኋትም።

ሰኞ ጠዋት አንድ ሰዓት ተኩል ላይ እትዬ ዘምዘም በራችንን አንኳኩ። እህል የተሞላ ከረጢት በእጃቸው ይዘዋል።

“ሩትዬ፣ መዲናን ቀስቅሺልኝ እስቲ፤ ወፍጮ ቤት እልካታለሁ።”

ለካ ማታ እኛ ቤት አድራለሁ ብላቸው ነው የወጣችው፤ የመሰናዶ ፎርም አብረን ልንሞላ። መዲና ደግሞ የምትሞላው ፎርም አልነበራትም፤ መውደቋን ለእናቷ አልነገረቻቸውም ማለት ነው። እዚህ አላደረችም አልኳቸው። ከረጢቱን መሬት ላይ አስቀመጡት። አባቴ መጋዙን እንደያዘ ከጓሮ መጣ። ሦስታችንም ያሰብነው አንድ ነገር ነበር። በዚያ ዘመን ከወሎ ሴት ልጅ ድንገት ከቤት ጠፋች ማለት ዓረብ አገር ማለት ነው። በአውሮፕላን የሚሄዱት ሰው ይሸኛቸዋል። ሳይሰናበቱ የሚሄዱት በእግርና በባሕር ናቸው።

ወደ ዳሉሻ ፖስታ ቤት ሮጥኩ። ከቀዳዳው ውስጥ በፌስታል የተጠቀለለ የመዲና መዝገብ ወጣ። በመጨረሻው ገጽ ላይ እንዲህ ይላል፦

“በለስ 12 እሄዳለሁ። ለሰው እንዳልናገር ቁርአን አስይዘውኛል፤ ዳሉሻ ግን ሰው አይደለችም። እማዬን አደራ። መዝገቡን አንቺ ጨርሺው።”

በለስ 12 መቼ ነው? እኔ የቀን መቁጠሪያው አንቀጽ አውጪ፣ ቀኑን አላውቀውም። ገጹን ወደ ኋላ ገለጥኩ። በየቀኑ ትይዩ ሁለት ነገር ተጽፏል፦ “መዲና አየች”፣ “ሩት አየች”። በመስኮት የመለስኩላትን ሁሉ ወጥቼ እንዳየሁ አድርጋ በእኔ ስም ሞልታልኛለች። የመጨረሻው በለስ 11 ነው፤ የተጻፈው ዓርብ። ቅዳሜና እሑድ ጭጋጉ ስላልተነሳ ያው በለስ 11 ናቸው። ከ11 ቀጥሎ ያለው 12 ነው። ሰኞ ይነሳል ብላ የጻፈችው ዛሬን ነው ማለት ነው።

ከየት የሚለውንም ለማወቅ ብዙ አላሰብኩም። ሰኞ የባቲ ገበያ ነው። ኮምቦልቻ ያለች አንዲት ሴት ልጆችን ከገበያተኛ ጋር ቀላቅላ በባቲ በኩል ወደ በረሃው ታሻግራለች ሲባል ሰፈሩ ሁሉ ሰምቷል። መኪኖቹ የሚወጡት ሦስት ሰዓት ተኩል፣ አራት ሰዓት ላይ ነው። ሞባይል ገና በኛ ሰፈር ሰው እጅ አልገባም ነበር። አባቴ ለፖሊስ ሊናገር ሲሄድ እኔና እትዬ ዘምዘም ኮምቦልቻ የሚወርድ ሚኒባስ ላይ ተሳፈርን።

የሐረጎን ቁልቁለት እንደዚያ ቀን ረጅም ሆኖ አይቼው አላውቅም። ሾፌሩ መብራት አብርቶ፣ አንገቱን ወደ መስታወቱ ዘርግቶ ጠመዝማዛውን ይዳብሰዋል። ወትሮ በሾፌር ፍጥነት የሚጮኸው ተሳፋሪ ሁሉ ፀጥ ብሏል፤ እኔ ብቻ ፍጠን ፍጠን እላለሁ በሆዴ። እትዬ ዘምዘም መቁጠሪያቸውን እየቆጠሩ ያረቢ ያረቢ ይላሉ። እኔም በበኩሌ እጸልያለሁ፤ ግን ጸሎቴ መሐል መሐል እየገባ የሚያቋርጠኝ አንድ ነገር ነበር፤ እሑድ በአጥሩ ሥር ያየሁት የጫማ ጫፍ። ቁልቁለቱን ስንጨርስ ጭጋጉ ከኋላችን ቀረና የኮምቦልቻ ፀሐይ ፊታችንን መታን።

ሦስት ሰዓት አልፏል። እትዬ ዘምዘም ወደ መናኸሪያው፣ እኔ ወደ ባቲ መውጫ ተለያየን። መውጫው ላይ ገበያተኛው ይጋፋል፤ የፍየል ጩኸት፣ የረዳት ጩኸት፣ አይሱዙዎች በሰውና በጆንያ ተሞልተው ይነሳሉ። ከሚነሳው መኪና ኋላ እየሮጥኩ የተሳፋሪውን ሁሉ ፊት አየሁ፤ የለችም። ሁለተኛውም ላይ የለችም። ሙዝ የምትሸጥ አንዲት ሴት ሁኔታዬን ታይ ነበረና ማንን እንደምፈልግ ጠየቀችኝ። የደሴ ልጅ አልኳት። ዘወር ብላ ሰው አለመኖሩን ካየች በኋላ በአገጯ ወደ አንድ አረንጓዴ በር አመለከተችኝ።

በሩ የሻይ ቤት ጓሮ በር ነው። ውስጥ ስድስት ልጆች ጆንያ ላይ ተደርድረው ተቀምጠዋል፤ እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ፌስታል ይዘዋል። ሁሉም አዲስ ሸራ ጫማ አድርገዋል። ያን ጫማ ሳይ ነው ነገሩ እውነት የሆነብኝ፤ ለረጅም መንገድ የተገዛ ጫማ ነው። መዲና ከመጨረሻው ጥግ ናት።

ደላላዋ ነጭ ሻሽ ያሰረች፣ ፊቷ ደግ የመሰለ ሴት ናት። “ማንን ፈለግሽ የኔ እናት?” አለችኝ በለሰለሰ ድምፅ። እህቴ መታወቂያዋን ረስታ ነው ብዬ ዋሸሁ። በእኛ ቤት የሚያስቀጣ ዓይነት ውሸት ሳልንተባተብ ነው የዋሸሁት። ቶሎ በሉ፣ መኪናው ሊመጣ ነው አለችኝና ወደ በሩ ሄደች።

ከመዲና አጠገብ ቁጭ አልኩ። አላየችኝም፤ ማለቴ አይታኛለች፣ ግን ፊቷን አላዞረችም።

“ኸየት መጣሽ?” አለችኝ መሬቱን እያየች።

ፖስታ ቤት ሄጄ ነበር አልኳት። የመጣሁት ብዙ ነገር ልናገር ነበር፤ ስለ በረሃው፣ ስለ ባሕሩ፣ ስለ እናቷ። አፌን ስከፍት ግን እሷ ሁሉንም እንደምታውቀው ገባኝ። አውቃ ነው የመጣችው። ምክር ብጀምር እንደ መሰናዶ ተማሪ ታየኛለች። ስለዚህ መዝገቡን ከፌስታሉ አወጣሁና ጉልበቷ ላይ ዘረጋሁት።

“መቼ እሄዳለሁ ብለሽ ነው የጻፍሽው?”

“በለስ 12።”

“ዛሬ ስንት ነው?”

ጣቷን የመጨረሻው መስመር ላይ አኖረች።

“ኸቤት ስወጣ ጦሳ እንደተሸፈነ ነው” አልኳት። የእሷ አነጋገር ተጋብቶብኝ ኸ እያልኩ። “ቅዳሜ አልተነሳም፣ እሑድ አልተነሳም፣ ዛሬም አልተነሳም። ደግሞ ቢነሳም አንቺ እዚህ ሆነሽ አታይውም። ሁለታችን ካላየነው አይቆጠርም። ቀንሽ አልደረሰም መዲና።”

ከንፈሯ ሲንቀጠቀጥ አየሁ። መጀመሪያ ሳቅ መሰለኝ፤ ሳቅም ነበር። ከዚያ እንባዋ መዝገቡ ላይ ጠብ ጠብ አለ።

“ጨዋታ ነው ብለሽ ትተሽው አልነበር?” አለችኝ። “እኔ ሞኝ ነኝ ወይ ሩት? በመስኮት እንደምትመልሺልኝ አላውቅም? እሑድ እኮ ወጥተሽ ብታይኝ ልነግርሽ ነበር።”

ይህ አነጋገር እስከ ዛሬ ከጆሮዬ አልወጣም። ምክንያት አልደረደርኩም። አዎ፣ ትቼው ነበር አልኳት። ኮራሁብሽ፣ አጠፋሁ አልኳት። ደግሞ ፈራሁ፣ አትሂጂብኝ አልኳት። በሕይወቴ ለማንም እንደዚያ ተለማምጬ አላውቅም። ከጎኗ የተቀመጠች ሹሩባ የተሠራች ልጅ አንዴ እኔን፣ አንዴ መዝገቡን ታያለች።

በዚህ መሐል መኪናው ከበሩ ውጪ ቆመ። ደላላዋ ገብታ በወረቀት የያዘችውን ስም ትጠራ ጀመር። የተጠራችው እየተነሳች፣ ፌስታሏን እየያዘች ትወጣለች። አንደኛዋ ወጣች፣ ሁለተኛዋ፣ ሦስተኛዋ። ሹሩባ የተሠራችውም ወጣች።

“መዲና ሙሄ።”

መዲና ተነሳች። ፌስታሏን አነሳች። እኔ ቀሚሷን ጨምድጄ ይዤ ነበር፤ እጄን ቀስ አድርጋ አስለቀቀችኝ። አለቀ አልኩ በሆዴ። ሁለት እርምጃ ሄደችና ጎንበስ ብላ መሬት የወደቀውን መዝገብ አነሳች፤ አቧራውን በመዳፏ ጠረገችው።

“የኔ ቀን ገና ነው” አለቻት ለደላላዋ።

ሴትዮዋ አልገባትም። የምን ቀን እንደምታወራ ጠየቀቻት፣ ቁርአን ይዘሽ የለም ወይ አለቻት፤ ያ የለሰለሰ ድምፅ አሁን የለም። መዲና የማልኩት ላልናገር ነው፣ ለሰውም አልተናገርኩም፣ እሄዳለሁ ብዬ ግን አልማልኩም አለቻት። ሾፌሩ ጥሩምባውን ነፋ። ደላላዋ የጓሮውን በርና የገበያውን ሰው አየች፣ እኔን አየች፤ ትርፍ ሰው እንደሆነ ሞልቷል ብላ ትታን ወጣች። መኪናው ሲነሳ ድምፁ ቀስ በቀስ ከገበያው ጫጫታ ጋር ተቀላቀለ። ጆንያው ላይ ተመልሼ ቁጭ አልኩ።

እትዬ ዘምዘምን ያገኘናቸው ከመናኸሪያው ወደ እኛ ሲመጡ፣ መንገድ መሐል ነው። ይመቷታል ወይም ይጮኻሉ ብዬ ጠብቄ ነበር። ልጃቸውን ሲያዩ ቆሙ። ከዚያ በነጠላቸው ጫፍ ፊቷን ጠረጉላት፣ ጫማዋን አዩ፣ ያንን አዲስ ጫማ ብዙ ጊዜ አዩት።

“አልሐምዱሊላህ” አሉ። “ቁርስ በላሽ?”

አልበላሁም አለች። እኔም አልበላሁም። ሦስታችን ዳቦና ሻይ አዝዘን ተቀመጥን። እትዬ ዘምዘም ዳቦውን እየቆረሱ ለሁለታችንም ያቀርባሉ፣ እኔን እንደ ልጅ ያጎርሱኛል። በሕይወቴ የበላሁት የመጀመሪያው የበዓል ምግብ እሱ ነው ብል አልዋሸሁም።

ወደ ደሴ ስንመለስ ቀትር አልፏል። መዲና በመስኮቱ በኩል፣ እኔ መሐል፣ እናቷ በበሩ በኩል ነን። ሐረጎን ወጥተን ከተማው ሲቃረብ እትዬ ዘምዘም ድንገት ጣታቸውን ወደ ፊት ቀሰሩ።

“እዩት እስቲ፣ ሦስት ቀን ተኝቶ አሁን ተነሳ። ጦሳ ወለል ብሎ ታየ።”

መዲና ቀና ልትል ነበር። ዘልዬ በመዳፌ ዓይኗን ሸፈንኩት። እሷም ወዲያው ገባትና የኔን ዓይን ሸፈነች። ሁለታችን ተቃቅፈን፣ አንገታችንን ደፍተን፣ እየሳቅንና እያለቀስን ወደ ደሴ ገባን። እትዬ ዘምዘም ምን ነካቸው ብለው ተሳፋሪውን ይጠይቃሉ። ረዳቱ መኪና አሟቸው ይሆናል ብሎ መስኮት ከፈተልን።

ወራት ካለፉ በኋላ የዚያ መኪና ልጆች ወሬ መጣ። አሻጋሪዎቹ በረሃው ላይ ጥለዋቸው ለቀናት ያለ ውሃ ሲሄዱ ወታደሮች አግኝተው መልሰዋቸዋል። አንዷ ግን አልተመለሰችም። ሹሩባ የተሠራችው ልጅ ተመልሳ ነበርና አንድ ቀን መዲናን ፈልጋ ቧንቧ ውሃ መጣች። ያ ደብተር ምንድን ነው ብላ ጠየቀቻት። መዲና ለሰው አሳይታው የማታውቀውን መዝገብ አውጥታ አስነበበቻት።

መዲና በሚቀጥለው ዓመት ቴክኒክና ሙያ ገብታ ኤሌክትሪክ ተማረች። ዛሬ ኮምቦልቻ አንድ ፋብሪካ ውስጥ የጥገና ክፍል ኃላፊ ናት፤ ከሥሯ ያሉት ወንዶች ሲያዩዋት ይንቀጠቀጣሉ ይባላል፣ እኔም አምናለሁ። እኔ ደሴ ሒሳብ አስተምራለሁ።

እናንተ ይህን የምታነቡ ወገኖቼ፣ ከዚያ ቀን የወሰድኩት ነገር ትንሽ ነው። ሰው ልቡ ሲሰበር ብዙ ጊዜ ልቤ ተሰበረ አይልም። ጭጋጉ ተነሳ ወይ ይላል። የአጥር ላይ ጥያቄ፣ የቀልድ ጥያቄ፣ የልጅነት ጨዋታ ይመስላል። እኔ ያን ጥያቄ በመስኮት ስመልስ ቆይቼ ጓደኛዬን ላጣ ነበር። አሁን ተማሪዎቼ ከሒሳቡ ጋር የማይገናኝ ነገር ሲጠይቁኝ ጠመኔውን አስቀምጬ ዞሬ አያቸዋለሁ። ሁልጊዜ አይሳካልኝም፤ ብስጩ አስተማሪ ነኝ። ግን እዞራለሁ።

ታዲያ ከዚያ ወዲህ እኔና መዲና አብረን ጦሳን አይተን አናውቅም። ለበዓል ስትመጣ ተራራው ፊት ለፊት ከሆነ አንዳችን ዘወር እንላለን። ባሎቻችን ለምደውታል። ጠዋት ጠዋት ከኮምቦልቻ ስልክ ትደውልልኛለች፤ ሰላምታ እንኳ አታስቀድምም።

“ሩት፣ ተነሳ?”

ስልኩን ይዤ ደጅ እወጣለሁ። ቀና ብዬ ተራራውን አየዋለሁ፤ ብዙ ጊዜ ጥርት ብሎ ይታያል።

“እኔ አይቼዋለሁ” እላታለሁ። “አንቺስ?”

“እኔ እንኳ አላየሁም።”

በዳሉሻ ዛሬም በለስ 11 ነው።